ሁለት ማሳ፣ አንድ ጎተራ

«ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ ላይ አይወጣም» ይላል ያገራችን ሰው። ታዲያ በሁለት አገር የፊልም ባህል መካከል የሚሠራውን ከያኒ ምን እንበለው? ወላዋይ? ከሀዲ? ወይስ የሁለቱም ባለዕዳ?

ለአብነት ኃይሌ ገሪማን እንውሰድ (ዓመቶቹ በአውሮፓ አቆጣጠር ናቸው)። በ1946 ጎንደር ተወለደ፤ አባቱ ገሪማ ታፈረ የተውኔት ደራሲ ነበሩ። በ1967 ትወና ሊማር ቺካጎ ሄደ። እዚያ ግን ለጥቁር ተዋናይ የተተወለት የአሽከር ቦታ ሆኖ አገኘው። መድረኩን ትቶ ሎስ አንጀለስ ፊልም ሥራ ተማረ። በመሠረቱ ቁም ነገሩ እዚህ ላይ ነው፤ ሌላው የሰጠውን ሚና ከመጫወት ካሜራውን ራሱ መያዝን መረጠ።

በአብዮቱ ሰሞን አገር ቤት መጥቶ በ1976 የወጣውን «ምርት ሦስት ሺህ ዓመት»ን በሁለት ሳምንት ቀረጸ፤ በጥቁርና ነጭ፣ በአማርኛ፣ ስለ ባላባትና ጭሰኛ። በ1993 ያወጣው «ሳንኮፋ» ደግሞ የጥቁር አሜሪካውያንን የባርነት ታሪክ ይተርካል። አከፋፋዮች ፊት ቢነሱት አዳራሽ እየተከራየ ለጥቁሩ ሕዝብ አሳየ። በ2008 «ጤዛ»ን ይዞ ወደ እኛው ጉዳይ ተመለሰ፤ ጀርመን ተምሮ አገሩ የገባ ምሁር የደረሰበትን አሳየን። ፊልሙ በዚያው ዓመት ቬኒስ ላይ ተሸለመ።

እስቲ ደግሞ የእኛን ገበሬ እንመልከት። ከቡሬ እስከ ፍኖተ ሰላም ያለው አራሽ በአንዱ ማሳ የበርበሬ ችግኝ ይተክላል፣ በሌላው በቆሎ ይዘራል። ለአንዱ የሚበጀው አያያዝ ለሌላው አይበጅም። ሁለት ማሳ አረስክ ብሎ የሚወቅሰው ግን የለም። ቢጠየቅ የሚጠየቀው ምርቱን የት አስገባኸው ተብሎ ነው። ዛፍ መውጣት ሌላ፣ ማሳ ማረስ ሌላ!

«ቬኒስ የተጨበጨበለት ፊልም ለቡሬ ገበሬ ምኑ ነው?» የሚል ጓደኛ አይጠፋም። ጥያቄው እንዲያው በዋዛ የሚታለፍ አይደለም። ስለ ገበሬው የተሠራ ሥራ ገበሬው ዘንድ ካልደረሰ፣ አውድማ ላይ እንደቀረ ክምር ነው። ነገር ግን ከያኒው አርሷል፣ አጭዷል፣ ከምሯል። ወቅቶ ጎተራ ማስገባቱንም ለእሱ ብቻ መተው ፍርደ ገምድልነት ነው። ፊልሙን ወደየቀበሌው ወስዶ ማሳየት፣ ከገበሬው ጋር ቁጭ ብሎ መከራከር የተማርነው የእኛም ዕዳ ነው።

ነገ አንዳንዶቻችን አዲስ አበባ፣ አንዳንዶቻችንም ባሕር ማዶ እንሄዳለን። መሄዱ በራሱ ክህደት አይደለም፤ መቅረቱም ብቻውን ታማኝነት አይሆንም። በሰው አገር በተማርነው ቋንቋ ስንናገር ለማን እየተናገርን እንደሆነ ማወቅ ግን ግድ ይለናል።