ከባለቤቱ በላይ ያወቀ

ገርጂ የምኖርበት ግቢ ውስጥ ሰባት ተከራይ አለ፤ የመብራት ቆጣሪው ግን አንድ ነው። ቦሌ ሚካኤልም ሆነ ጎሮ፣ ሰሚትም ሆነ ከሲኤምሲ ጀርባ ቤት የተከራየ ሰው ይህን ኑሮ ያውቀዋል። ወር ሲሞላ ቢሉ ይመጣል። የቤቱ ባለቤት እትዬ በረንዳቸው ላይ ተቀምጠው ለሰባት ያካፍሉታል፤ ሰባታችንም እያጉረመረምን እንከፍላለን። አንዱ "እኔ ያለኝ አንድ አምፖል ነው፤ እሱም ማታ ማታ" ይላል። ሌላዋ "ፍሪጅ ያለው ሰው ከእኔ እኩል የሚከፍለው በየትኛው ሕግ ነው?" ትላለች። ስለ ፖለቲካ ሳንጣላ ያለፈ ወር አውቃለሁ፤ ስለ ቆጣሪ ሳንጣላ ያለፈ ወር ግን አላስታውስም።

ከበሩ አጠገብ ባለችው ክፍል አንድ ጡረተኛ ይኖሩ ነበር። ዕድሜያቸውን ሽቦ ሲዘረጉና ፊውዝ ሲቀይሩ ያሳለፉ ሰው ናቸው፤ ጋሼ ነው የምንላቸው። እትዬ ከእርሳቸው የሚቀበሉት ኪራይ የእኛን ግማሽ አይሞላም ነበር፤ በምትኩ የግቢውን መስመር ይጠግናሉ፣ በርም ይጠብቃሉ። ጭቅጭቁ ሲበዛ ሁላችንም፣ እትዬም ጭምር፣ ዳኛ ይሁኑን አልናቸው። ጋሼ ከመርካቶ ያገለገሉ ትንንሽ ቆጣሪዎች አስመጡና በየክፍሉ በር ላይ ገጠሙ። ከዚያ ወዲያ በየወሩ መጨረሻ በእጅ ባትሪ እያበሩ ቁጥሩን ያነቡና በግቢው የብረት በር ጀርባ በጠመኔ ይጽፉታል፤ ክፍል 1 ይህን ያህል፣ ክፍል 2 ይህን ያህል። ሁለት ወር ሰላም ወረደ።

በሦስተኛው ወር ጋሼ ስምንተኛ መስመር ጨመሩ። "ትልቁ ቤት" ይላል። እትዬ እንጀራ ለሱቅ ያስረክባሉ፤ ሁለት ምጣድ ከንጋት ጀምሮ ይጋገርበታል። ለካ ከቢሉ ወደ ገሚሱ የሚጠጋው የእርሳቸው ኖሯል! እኛ ለዓመታት ስንካፈልላቸው ነበር። በዚያ ምሽት ግቢው በሹክሹክታ ተሞላ፤ የእኔም ልብ በደስታ ዘለለ። ደስታዬ ግን የቆየው ዓይኔ ክፍል 5 ላይ እስኪያርፍ ነው። ክፍል 5 የእኔ ናት። ለማንም ሳልናገር አልጋ ሥር የማስቀምጣት የኤሌክትሪክ ምድጃ አለችኝ። ቁጥሬ የጎረቤቶቼን እጥፍ ሆኖ ተጽፏል። በማግስቱ ጧት በጋሼ አጠገብ ሳልፍ ሰላምታ ነፈግኳቸው።

ይህን የግቢ ወሬ ያነሳሁት እንዲያው ለጨዋታ አይደለም። መንግሥትም እንደ ጋሼ ያለ ቆጥሮ የሚናገር አካል በሕግ አቋቁሟል፤ ሥራውም በሚሸጠውና በሚገዛው መካከል ቆሞ ማየት ነው። ቀድሞ እንዲህ ያለ ነገር አልነበረም። ከ1948 ዓ.ም. ጀምሮ መብራት የሚያመነጨውም፣ የሚያከፋፍለውም፣ ገንዘቡን የሚሰበስበውም ድርጅት ራሱ "ባለሥልጣን" ይባል ነበር፤ የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ መብራትና ኃይል ባለሥልጣን። ሻጩም እሱ፣ ባለሥልጣኑም እሱ። በ1989 ዓ.ም. ድርጅቱ ኮርፖሬሽን ሲሆን፣ በአዋጅ ቁጥር 86/1989 የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኤጀንሲ ተቋቋመ። ያን ጊዜ እኔ ገና ልጅ ነበርኩ። ኤጀንሲው ፈቃድ እንዲሰጥ፣ የባለሙያዎችን ብቃት እንዲያረጋግጥ፣ የአገልግሎቱን ጥራት እንዲከታተልና ታሪፍ እንዲያጠና ታዘዘ። በ2006 ዓ.ም. ኮርፖሬሽኑ የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ ኃይልና የኢትዮጵያ ኤሌክትሪክ አገልግሎት ተብሎ ለሁለት ሲከፈል፣ ተቆጣጣሪውም በአዋጅ ቁጥር 810/2006 የኢነርጂ ባለሥልጣን ሆነ። በ2014 ዓ.ም. ደግሞ ከነዳጁ ጋር ተዋሕዶ የነዳጅና ኢነርጂ ባለሥልጣን ተባለ።

ስሙን ለታሪክ ጸሐፊ እንተወውና በ2006ቱ አዋጅ ውስጥ ወዳለች አንዲት ነገር ልለፍ። ከብሔራዊው መስመር ጋር ያልተገናኘ ትንሽ ማመንጫ ሲሆን ታሪፉን ተቆጣጣሪው ራሱ ያጸድቃል። ለብሔራዊው መስመር ሲሆን ግን ያጠናል፣ ሐሳብ ያቀርባል፤ የሚወስነው መንግሥት ነው። መንግሥት ደግሞ የማመንጫዎቹም የማከፋፈያዎቹም ባለቤት ነው። እንግዲህ ጋሼ ቆጣሪውን አንብበው ቁጥሩን በቅድሚያ ለእትዬ ያቀርባሉ፤ በሩ ላይ የሚጻፈውን የሚወስኑት እትዬ ናቸው እንደማለት ነው። ይህን ስል መሥሪያ ቤቱን ለመንቀፍ አይደለም። ጥያቄዬ ከአንድ መሥሪያ ቤት ያለፈ ነው፤ ለመሆኑ ከአንድ መሶብ የሚበላ ሰው በቤቱ ጌታ ላይ ሊፈርድ ይችላልን?

"ከባለቤቱ በላይ ያወቀ ቡዳ ነው" ይላል አገሬው። ተቆጣጣሪ ማለት እንግዲህ በአዋጅ የተሾመ ቡዳ ነው ብል አንባቢ አይቀየመኝ። ደመወዝ የሚከፈለው ከባለቤቱ በላይ እንዲያውቅ ነው፤ ስንት ሜጋ ዋት እንደተመረተ፣ ስንቱ በመንገድ ላይ እንደባከነ፣ አንዱ ኪሎ ዋት ሰዓት በስንት እንደተመረተና በስንት እንደተሸጠ። አውቆ ዝም ቢል እንጀራውን በነጻ በላ። ቢናገር ደግሞ "የበላበትን ወጪት ሰባሪ" ይባላል። እኛ ስለ ነጻ ተቋም ስናወራ ሕጉን እንጂ እነዚህን ሁለት አባባሎች አንቆጥርም፤ እኔ ግን ከአዋጁ ይልቅ እነሱ ይከብዱኛል።

አባቶቻችን ለአድልዎ ዘዴ ነበራቸው። ሁለት ባለጋራዎች ነጠላቸውን አቆራኝተው "በሕግ አምላክ" እያሉ መንገደኛ ያስቆማሉ፤ ፍረደን ይሉታል። መንገደኛው ከአንዳቸውም ጋር አይዋለድም፣ የአንዳቸውንም ጠላ አልጠጣም፣ ነገም እዚያ መንደር አያድርም። ነጻነቱ ከእንግድነቱ የመጣ ነው። ግሩም ዘዴ ነው፤ የሚሠራው ግን ነገሩ በሬ ወይም የእርሻ ድንበር ሲሆን ነው፤ በሬን ማንም ያውቀዋል። የታሪፍ ጥናት ለመንገደኛ ብትሰጡት ምን ይለዋል? ትራንስፎርመር የሚያውቀው ትራንስፎርመር ሲጠግን የኖረ ነው። በዚህ አገር ደግሞ ለአሥርት ዓመታት የመብራት መሐንዲስ ዋናው ቀጣሪ አንድ ቤት ነበር። የሚያውቀው ሰው የቤቱ ልጅ ነው፤ እንግዳው ደግሞ አያውቅም። ጋሼን የመረጥናቸው ሽቦውን ስለሚያውቁ ነው፤ ሽቦውን ያወቁት ደግሞ በእትዬ ግቢ በርካሽ ስለኖሩ ነው። ይህ ቋጠሮ "ገለልተኛ ይሁን" በማለት ብቻ አይፈታም።

እኛ ዘንድ ብቻም አይደለም። ጃፓን ውስጥ እ.ኤ.አ. በመጋቢት 2011 የፉኩሺማ አደጋ ሲደርስ፣ የኑክሌር ደኅንነት ተቆጣጣሪው ኑክሌርን ሲያስፋፋ በኖረው የኢኮኖሚ ሚኒስቴር ጉያ ውስጥ ያለ አንድ ክፍል ነበር። ምክር ቤቱ ያቋቋመው አጣሪ ኮሚሽን በ2012 አደጋው ሰው ሠራሽ ነው አለ። ከመሬት መንቀጥቀጡና ከማዕበሉ በስተኋላ የተቆጣጣሪውና የኩባንያው መወዳጀት እንዳለ፣ ተቆጣጣሪውም በዕውቀት ከሚቆጣጠረው አንሶ እንደተገኘ ጻፈ። በዚያው ዓመት ተቆጣጣሪው ከሚኒስቴሩ ወጣ። አሜሪካኖች አስፋፊውንና ተቆጣጣሪውን በሕግ የለዩት በ1974 ነበር። ይህ የሩቅ ወሬ የሚመስለው አንባቢ ካለ፣ ኢትዮጵያም በመስከረም 2018 ዓ.ም. ከሩሲያ ጋር ስለ ኑክሌር ኃይል ማመንጫ መፈራረሟን ላስታውሰው።

እስካሁን ስናገር አንባቢ "እውነት ነው፤ ተቆጣጣሪው ከመንግሥት ይላቀቅ!" እያለ ራሱን ነቅንቆ ይሆናል። ከማን ነው የሚላቀቀው? ከእትዬ ብቻ ነው ወይስ ከክፍል 5ም?

ከ1998 እስከ 2011 ዓ.ም. የአገሪቱ የመብራት ታሪፍ አልተነካም። ለመኖሪያ ቤት የመጀመሪያው 50 ኪሎ ዋት ሰዓት እያንዳንዱ ወደ 27 ሳንቲም ነበር። በዚህ ዘመን ውስጥ የሻማ ዋጋ ስንት ጊዜ እንደጨመረ እናቶቻችንን ጠይቁ። ኤሌክትሪክ ርካሽ ነበር፤ ችግሩ አለመኖሩ ነበር። በ2001 ዓ.ም. መብራት በፈረቃ ሆኖ አንድ ቀን መጥቶ አንድ ቀን ሲቀር፣ ቦሌ መንገድ ላይ ያለው ሱቅ ሁሉ በራፉ ላይ ጄኔሬተር ተክሎ መንገደኛውን በጢስ ሲያፍነው ትዝ ይለኛል። በ2002 ዓ.ም. ተስፋ የተጣለበት ግልገል ጊቤ ሁለት ተመርቆ ሁለት ሳምንት ሳይሞላው ዋሻው ተደረመሰ። ማሠራጫ መስመሩ፣ ምሰሶው፣ ትራንስፎርመሩ ያረጃል፤ 27 ሳንቲም ግን አያረጅም።

ያን ሁሉ ጊዜ ርካሹ መብራት የማን ነበር? ሽቦው የደረሰው ሰው ነዋ። ዛሬም ከሕዝቡ ገሚሱ የሚሆነው ሽቦ ያልደረሰው ነው። ጧት ከመገናኛ ወደ የካ የምትወጡ ሰዎች ከኮረብታው እንጨት አዝለው የሚወርዱትን ሴቶች ታውቋቸዋላችሁ። እነርሱ ከሸክሙ በሚያገኙት ገንዘብ ጨውም ሳሙናም ሲገዙ ግብር ይከፍላሉ፤ የእኛ የፍሪጅና የውኃ ማሞቂያ ድጎማም ከሕዝብ ኪስ ነው የሚወጣው። ታሪፉ ለድሃ አስቦ በትንሹ ለሚጠቀም ዝቅ፣ በብዙ ለሚጠቀም ከፍ እንዲል ተሠርቷል፤ ነገር ግን በአንድ ቆጣሪ ሰባት ቤተሰብ ሲንጠለጠል ሰባቱ ድሆች ተደምረው እንደ አንድ ባለጠጋ ይቆጠራሉ። ቦሌ ውስጥ ብቻውን የሚኖር ባለ አንድ ቆጣሪ ሰው በርካሹ ዋጋ ሲጠቀም፣ ገርጂ ያለችው ቡና አፍልታ የምትሸጥ ጎረቤቴ በውዱ ትከፍላለች። ነጻ ዳኛ ቢኖር ይህን ጮክ ብሎ ይነግረን ነበር። መንግሥትን ብቻ ሳይሆን እኛንም ያስቀይመን ነበር።

በ2017 ዓ.ም. መስከረም፣ ብሩ ለገበያ ከተለቀቀ ሁለት ወር ሳይሞላ፣ በየሩብ ዓመቱ እየጨመረ ለአራት ዓመት የሚዘልቅ ታሪፍ ሲጀመር እኔም ከጮኹት አንዱ ነበርኩ። ጩኸቴ ከንቱ አልነበረም፤ ደመወዝ የሌለው ጸሐፊ ነኝና ቢል ሲጨምር ይሰማኛል። ግን እውነቱን ልናገር፤ የጮኽኩት ቁጥሩ ትክክል አይደለም ብዬ አይደለም። ትክክል ይሁን አይሁን አላጣራሁም። የጮኽኩት ቁጥሩ የእኔ ስለሆነ ነው። የሕዳሴ ግድብ 5,150 ሜጋ ዋት ይዞ ጳጉሜን 4 ቀን 2017 ዓ.ም. ሲመረቅ ደግሞ "አሁንማ መብራት በነጻ መሆን አለበት" ያሉኝ ሦስት የተማሩ ሰዎች ናቸው። ስለ ግድቡ ጭብጨባ እንጂ ሒሳብ መስማት የሚፈልግ የለም።

እንግዲህ የመወሰን ሥልጣን ለተቆጣጣሪ ይሰጥ አይሰጥ የሚለውን ክርክር ለሕግ ዐዋቂዎች ልተወውና እኔ የምመኘውን ልናገር። ውሳኔው የመንግሥት ይሁን፤ ምርጫ የሚጠይቀው እሱ ነውና። ግን ተቆጣጣሪው ያጠናው ቁጥርና ያቀረበው ሐሳብ፣ በቀረበበት ዕለት፣ ከነምክንያቱ በአደባባይ ይለጠፍ። መንግሥት "ድሃው አይችልም፤ ልዩነቱን እኔ እሸፍናለሁ" ቢል መብቱ ነው፤ ስንት ብር እንደሚሸፍንና ከየት እንደሚያመጣው ግን በበሩ ላይ ይጻፍ። የጋሼ ኃይል ጠመኔው ነበር እንጂ ሌላ ምን ነበራቸው? ማንንም አላስገደዱም፤ ማንም እንዲከፍል አላደረጉም። ቁጥሩን ብቻ ሁሉም በሚያይበት ቦታ ጻፉት።

ሌላው ነገር፣ ቆጣሪ አንባቢውን ከክፍሉ የማስወጣት ሥልጣን የማን ነው የሚለው ነው። አሜሪካ ውስጥ ፕሬዚዳንት ሩዝቬልት እ.ኤ.አ. በ1933 ዊልያም ሃምፍሪ የተባለውን የንግድ ኮሚሽን አባል ሐሳባችን አልተስማማም ብለው አሰናበቱት። ሰውየው አልወጣም አለ፤ በማግስቱ ዓመት ሞተ። የውርሱ አስፈጻሚ ክሱን ቀጥሎ በ1935 ጠቅላይ ፍርድ ቤቱ ለሟቹ ፈረደ፤ ፕሬዚዳንት ያለ በቂ ምክንያት እንዲህ ያለውን ሰው አያባርርም ተባለ። የዚያ አገር የኢነርጂ ተቆጣጣሪ ኮሚሽንም በዚሁ መሠረት ላይ ቆሞ ኖሯል። በ2025 ግን ሌላ ፕሬዚዳንት የዚያኑ የንግድ ኮሚሽን አባላት አሰናበቱና ጥያቄው ዘጠና ዓመት ዞሮ እዚያው ፍርድ ቤት ደጃፍ ደረሰ። የቆየ ሕግ ላላቸውም ነገሩ አላለቀም።

ጋሼ ኅዳር ላይ "ክፍሏ ለዘመድ ትፈለጋለች" ተባሉ። እትዬ ክፉ ሰው አይደሉም፤ ሲናገሩም ዓይናቸውን መሬት ላይ ተክለው ነበር አሉ። በወጡበት ቅዳሜ ጧት ጋሪው በር ላይ ሲቆም ሰባታችንም ቤታችን ነበርን። በመጋረጃ እያየሁ ነበር። ጋሼ ዕቃቸውን አስጭነው ሲያበቁ ወደ እኔ ክፍል መጡና አንኳኩ።

"ልጄ" አሉኝ፤ "የዚያች ምድጃህ ሽቦ ቀጭን ነው። እሳት እንዳታስነሳብህ ቀይራት።"

እሺ ጋሼ አልኳቸው። ሌላ ነገር አልተናገርኩም። ለእትዬም ያን ቀን ሆነ ከዚያ ወዲህ፣ ከሰባታችን አንድ ቃል የተናገረ የለም።

አሁን ቢሉ እንደ ድሮው ለሰባት ይካፈላል። ትንንሾቹ ቆጣሪዎች በየበራችን ላይ ይዞራሉ፤ የሚያነባቸው ግን የለም። የመጨረሻው ወር የጠመኔ ጽሑፍ በብረት በሩ ጀርባ እስካሁን ይታያል። ስምንተኛው መስመር በእርጥብ ጨርቅ ተጠርጓል። አምስተኛውም ተጠርጓል። አምስተኛውን የጠረግሁት እኔ ነኝ።