ዘር ከልጓም ይስባል

አበው በሸንጎም ሆነ በማዕድ ዙሪያ ከተናገሯቸው ምሳሌዎች መካከል ቃሉ አጭር፣ በሰው ዕድል ላይ የሚሰጠው ፍርድ ግን ረዥም የሆነ አንድ አለ፤ እርሱም «ዘር ከልጓም ይስባል» የሚለው ነው። ጋላቢ ፈረሱን በአፉ በገባው ብረት ወደ ወደደው አቅጣጫ ይመልሰዋል፤ ምሳሌው ግን ከዚህ ብረት የበረታ ሌላ ሳቢ በደም ውስጥ እንዳለ ያስተምራል። በአነጋገር ልማዳችን ለሁለት ነገር ይጠቀሳል፤ አንደኛው ሰው ለወገኑ ማድላቱን ለመግለጥ ሲሆን፣ ሁለተኛው ልጅ ጠባዩንና የአእምሮውን ስፋት ከትውልዱ ስለሚወርስ ተግሣጽና ትምህርት ብዙ አይለውጡትም ለማለት ነው። እዚህ የምመረምረው ሁለተኛውን ነው፤ ስለ ፈረስ ሲነገር ማንንም የማይጎዳ ቃል፣ ፊደል ገና ባልቈጠረ ሕፃን ላይ ሲነገር የዕድሜ ልክ ፍርድ ይሆናልና።

በቅድሚያ ለምሳሌው የሚገባውን እውነት ልንነፍገው አይገባም። በ1990 እ.ኤ.አ. በአሜሪካ የሚኒሶታ ዩኒቨርሲቲው ቶማስ ቡሻርድና ባልደረቦቹ፣ ከአንድ ማኅፀን ወጥተው በሕፃንነታቸው ተለያይተው በየራሳቸው አሳዳጊ ቤት ያደጉ መንትዮችን መርምረው፣ በአእምሮ መመዘኛ ከሚታየው የሰው ለሰው ልዩነት 70 ከመቶ ያህሉ ከትውልድ ውርስ ጋር የተያያዘ መሆኑን አሳተሙ። ይህን የሰማ ሰው «አበው ልክ ነበሩ» ቢል አይፈረድበትም። ነገር ግን እነዚያው ተመራማሪዎች በዚያው ጽሑፍ፣ ከመንትዮቹ መካከል በእውነተኛ ድኽነት ወይም ፊደል ባልቈጠሩ አሳዳጊዎች እጅ ያደጉት ጥቂቶች ብቻ መሆናቸውን አስታውቀዋል፤ እንግዲህ የደም ኀይል የተመዘነው በአብዛኛው ልጆች በልተው ባደሩበትና በተማሩበት ቤት ነበር ማለት ነው።

ድኻው ቤት ሲጨመር ሚዛኑ ምን ይሆናል? በ2003 እ.ኤ.አ. ኤሪክ ተርክሃይመርና ባልደረቦቹ ስለ 7 ዓመት አሜሪካውያን መንትዮች ባሳተሙት ጥናት፣ በባለጸጎቹ ቤት ልዩነቱን በብዛት የሚያስረዳው ውርስ ሆኖ ሲገኝ፣ በድኾቹ ቤት ግን 60 ከመቶ ያህሉን የሚያስረዳው ልጆቹ በአንድ ጣሪያ ሥር የሚካፈሉት ኑሮ ሆነ፤ የውርስ ድርሻም ወደ ባዶ ተጠጋ። በኋላ፣ በ2016፣ የአውሮጳና የአውስትራልያ ጥናቶች ባንድነት ሲመረመሩ ይህ ልዩነት በእነዚያ አገሮች አልታየም፤ መርማሪዎቹም ምናልባት ሕክምናና ትምህርት ለሁሉ በተቀራረበ መጠን ስለሚዳረስ ይሆናል ብለው ገመቱ።

በወንጌል የተነገረው የዘሪው ምሳሌ ለዚህ ነገር ብርሃን ይሰጣል። በዚያ አንዱ ዘር በጭንጫና በእሾኽ መካከል ሲወድቅ ፍሬ አልባ ይሆናል፤ በመልካም መሬት ሲወድቅ ሠላሳ፣ ስድሳና መቶ ያፈራል። ሊቃውንት ይህን ስለ ቃለ እግዚአብሔርና ስለ ሰሚው ልቡና ቢተረጕሙትም፣ ከሕፃንነታችን ጀምሮ የሰማነው እኛ አዝመራው በጠፋ ቍጥር ዘሩን ብቻ ልንኰንን አይገባንም ነበር።

ኵነኔው ግን በየመንደሩ አለ። በተራራማው ደጋ ዝናብ አፈሩን ለብዙ ዘመን ስላጠበው አዮዲን የሚባለው ንጥረ ነገር ከምድሪቱም ከምግቡም ይጎድላል፤ በእናቲቱ አንገት እንቅርት ሆኖ የሚታየው ይኸው ጉድለት በማኅፀን ያለውን ሕፃን አእምሮ እንደሚገባው እንዳያድግ ያደርገዋል። ጎረቤት በአንድ ቤት ሁለትና ሦስት ልበ ዘገምተኛ ልጆች ሲያይ «ዘራቸው ነው» ይላል፤ ከአያት እስከ ልጅ ልጅ የተላለፈው ግን ደም ሳይሆን ያው የጎደለ ምግብ ሊሆን ይችላል።

ይህ ስሕተት የኛ ሽማግሎች ብቻ አይደለም። እንግሊዛዊው ፍራንሲስ ጋልተን በ1869 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ የታላላቅ ሰዎችን ዘመዶች ቈጥሮ፣ ታላቅነት በጥቂት ቤተ ሰቦች ውስጥ ሲደጋገም ስላየ የብልህነት ምንጩ ውርስ ነው ብሎ ደመደመ፤ እነዚያ ልጆች ከአባቶቻቸው ደም ጋር ቤተ መጻሕፍታቸውን፣ መምህሮቻቸውንና የሹመት በራቸውን አብረው መውረሳቸውን ግን እጅግ አቃልሎ ገመተ። ፈረንሳዊው አልፍሬድ ቢኔ በ1905 ከቴዎዶር ሲሞን ጋር የመጀመሪያውን የአእምሮ መመዘኛ ያዘጋጀው በተቃራኒው መንፈስ ነበር፤ ዓላማው በትምህርት ወደ ኋላ የቀሩትን ሕፃናት ለይቶ እንዲረዱ ማድረግ ነበርና፣ ብልህነት ከቶ የማይጨምር የተወሰነ መጠን ነው የሚሉትንም በግልጥ ተቃውሟል።

በአገራችን ደምና ቤት እንዴት እንደሚተባበሩ የሚያሳይ ምስክር እማሆይ ገላነሽ ሐዲስ ናቸው። በልጅነታቸው ዓይነ ስውር የሆኑት እኒህ የጎጃም ሴት የቅኔ መምህር ልጅ ነበሩ፤ ከአባታቸው ተምረውም ወንዶች ሊቃውንትን ያስተማሩ የቅኔ መምህርት ሆኑ። «ዘር ነው» የሚል ሰው ስማቸውን ቢጠራ ያስኬደዋል፤ ግን ያው አባት ለሴት ልጅ ቅኔ ምን ያደርግላታል ብሎ ቢተዋቸው ኖሮ፣ ያን ሁሉ የተፈጥሮ ስጦታ ማን ያውቀው ነበር? ስንት የቅኔ መምህር ሴት ልጆች ያንኑ ደም ይዘው በወፍጮ ላይ ጐንበስ እንዳሉ አረጁ!

ደምና ቤት ተለያይተው የታዩበት ምስክር ደግሞ ኦኔሲሞስ ነሲብ ነው። በኢሉባቦር ተወልዶ፣ በልጅነቱ ከቤተ ሰቡ ተሰርቆ ከነጋዴ ወደ ነጋዴ ሲሸጥ ኖሮ፣ በ1870 እ.ኤ.አ. በምጽዋ ነጻ ወጥቶ ለስዊድን ሚስዮናውያን ተሰጠ፤ ተማረም። በ1899 መላውን መጽሐፍ ቅዱስ በኦሮምኛ አሳተመ፤ በሥራውም እንደ እርሱ ከባርነት የወጣችው አስቴር ጋኖ ረድታዋለች። በገበያ ላይ በዋጋ ሲያስማሙበት የነበረውን ሕፃን ማንም የትውልዱን ብልህነት አልጠየቀም፤ የተገለጠውም ትምህርት ቤት ከገባ በኋላ ነው። ምሳሌው ሁልጊዜ የሚረታውም በዚህ ነው፤ የመኰንን ልጅ ሲልቅ «ዘሩ ሳበው» ይባላል፣ የድኻ ልጅ ሲልቅ ደግሞ የተሰወረ አያት ይፈለግለታል፣ ሳይማር የቀረው ግን ማስረጃ ሳይጠየቅ ይፈረድበታል።

ሰዎች በተፈጥሮ ስጦታ ይለያያሉ፤ ሁሉም በልተው ሁሉም ቢማሩም አንዱ ይቀድማል አንዱ ይከተላል፤ ይህን መካድ የፈጣሪን ሥራ መካድ ነው። ነገር ግን በደም የመጣውን ከኑሮ ከመጣው መለየት የሚቻለው መሶቡና ሰሌዳው ለሁሉ ከቀረበ በኋላ ብቻ ነው። ስለዚህ ወላጅም፣ መምህርም፣ መንግሥትም ይህን ምሳሌ በልጅ ላይ ከመጥቀሳቸው በፊት ለዚያ ልጅ ምን እንደ ሰጡት ራሳቸውን ይጠይቁ፤ ሳይመግቡና ሳያስተምሩ ዘሩን መውቀስ ተከሳሹን ሳይሰሙ እንደ መፍረድ ያለ ግፍ ነው፤ የሚጎዳውም ልጁን ብቻ ሳይሆን ከአእምሮው ሊጠቀም የሚችለውን አገር ሁሉ ነው።