በቀልን ጋሻ ማድረግ ይገባልን?

ወዳጄ አንባቢ ሆይ፤ በየዳ የተወለደ ሰው ስለ ባሕር ጦር መርከብ ምን ያገባዋል ትል ይሆናል። እኛ ራስ ዳሸንን ተንተርሰን የምንኖር ሰዎች ባሕርን የምናውቀው በመጽሐፍ ነው። ነገር ግን ጉዳዩ የመርከብ ሳይሆን የደም ጉዳይ ስለ ሆነ ያገባናል።

እንግሊዞች የኑክሌር መሣሪያ የሚጭኑ አራት ባሕር ሰርጓጅ መርከቦች አሏቸው። ከ1961 ዓ.ም. ጀምሮ ቢያንስ አንድ እንዲህ ያለ መርከብ ስፍራው ሳይታወቅ ከባሕር ያልዋለበት ቀን የለም ይላሉ። አዲስ ጠቅላይ ሚኒስትር በተሾመ ጊዜ ለአራቱ አዛዦች በገዛ እጁ ደብዳቤ ይጽፋል፤ ደብዳቤውም የሚከፈተው አገሪቱ ተመትታ ትእዛዝ የሚሰጥ ባለሥልጣን ሲታጣ ብቻ ነው። በሐምሌ ወር 2008 ዓ.ም. ምክር ቤታቸው መርከቦቹ በአዲስ እንዲተኩ 472 ለ117 በሆነ ድምፅ ወሰነ። ደጋፊዎቹ መሣሪያውን የምንይዘው ማንም እንዳይደፍረን ነው ይላሉ።

ይህን ክርክር ልንንቀው አይገባንም፤ እኛው ምስክሮቹ ነንና። ታኅሣሥ 13 ቀን 1928 ዓ.ም. የኢጣልያ አውሮፕላኖች በተከዜ ዳር በልዑል ራስ እምሩ ጦር ላይ የመርዝ ፈሳሽ አወረዱ። አያቴ ከስሜን ዘምተው በዚያ ነበሩ፤ የግራ ክንዳቸው ቆዳ እስኪሞቱ ድረስ እንደ ተጨማደደ ነበር። ኢጣልያ መርዝ ላለመጠቀም በ1917 ዓ.ም. ጄኔቭ ላይ ፈርማ ነበር፤ ፊርማው ግን አልያዛትም። ከጥቂት ዓመታት በኋላ የአውሮፓ ታላላቅ መንግሥታት እርስ በርሳቸው ሲዋጉ፥ መርዙ በየግምጃ ቤታቸው ተከማችቶ ሳለ በጦር ሜዳ አልተረጫጩበትም። አንዱ ትልቅ ምክንያት አጸፋውን መፍራታቸው ነው። አያቴም፦ «ያ የሚስዮን ትምህርትህ ለሚፈራህ ጠላት ነው ወይስ ለሚንቅህ?» ብለው ጠየቁኝ። መልስ አልነበረኝም።

መልሱን ያገኘሁት አስተማሪ ከሆንሁ በኋላ ነው። የአጎቴ ልጅ በመሬት ወሰን ጠብ ተገደለ፤ ገዳዩም ወደ ቆላ ሸሸ። ዘመዶቼ ደሙን ሊመልሱ ያሰቡት በገዳዩ ታናሽ ወንድም ላይ ነበር። ልጁ የእኔ ተማሪ ነበር፤ በየጧቱ ስሙን እጠራለሁ። ዘመዶቼ ደሙን የማይመልስ ቤት ነገ ሁሉ ይደፍረዋል አሉ። ሐሰት አልተናገሩም፤ በአገራችን እንዲህ ያለ ቤት በእርግጥ ይናቃል። እኔ ግን ልጁን በቤቴ ሦስት ወር ሙሉ አሳደርሁት፤ ከወገኖቼም ተለያየሁ። በመጨረሻ ሽማግሎች ገብተው በካሣ፥ በመሐላና በዋስ አስታረቁ።

እንግዲህ ያን ጊዜ የገባኝ ይህ ነው። ማስፈራራት የሚሠራው አስፈራሪው የዛተውን ለመፈጸም በእውነት የቆረጠ እንደ ሆነ ነው። የዘመዶቼም ዛቻ የቆመው ያንን ልጅ ለመግደል ባላቸው ፈቃድ ላይ ነበር። በመርከቡ ውስጥ ያለው ደብዳቤ በሚከፈትበት ሰዓት ደግሞ የሚጠበቅ አገር አይኖርም። ያን ጊዜ የሚተኮሰው ማንን ያድናል? የሚያገኘውስ ማንን ነው? ጦርነቱን ያላዘዘ፥ ምናልባት ዜናውንም ያልሰማ ሕፃን ነው። ይህን አስቀድሞ የቆረጠ ሰው ባይተኩስ እንኳ ልቡን አበላሽቷል።

አገራችን መርዙን ቀምሳ ሳለ የራስዋን መርዝ አልፈለገችም። ኅዳር 15 ቀን 1954 ዓ.ም. ኢትዮጵያ ከሌሎች አገሮች ጋር ባቀረበችው ሐሳብ፥ የተባበሩት መንግሥታት ጠቅላላ ጉባኤ በኑክሌር መሣሪያ መጠቀም የድርጅቱን ቻርተር የሚጥስ መሆኑን አወጀ፤ 55 ደገፉ፥ 20 ተቃወሙ፥ 26 ድምፅ ከመስጠት ታቀቡ። እንግሊዝ ከተቃዋሚዎቹ አንዷ ነበረች። አፍሪካም ከዚህ መሣሪያ ነፃ እንድትሆን የተዋዋለችበት የፔሊንዳባ ውል በ1988 ዓ.ም. ካይሮ ላይ ለፊርማ ቀረበ፤ በ2001 ዓ.ም. ጸና።

ይሁን እንጂ አያቴን ሐሰተኛ ላደርጋቸው አልችልም። ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. ንጉሠ ነገሥቱ ጄኔቭ ላይ ቆመው በጮኹ ጊዜ የመንግሥታት ማኅበር ዋስ አልሆነንም። ዋስ የሌለው መሐላ ደካማውን አያድንም። ስለዚህ እንግሊዞችን ዛሬውኑ ጣሉት ብዬ ለመምከር አልደፍርም። የምለው፥ ፍርሃቱን ሰላም ብለው እንዳይጠሩት፥ ለመርከቡም የሚደክሙትን ያህል ለዋሱ እንዲደክሙ ነው። የእኔ ዘመዶች ጠብመንጃቸውን ከግድግዳ ያወረዱት ዋሱን በዓይናቸው ካዩ በኋላ ነበር፤ ዋሱ እስኪገኝ ግን ልጁን የሚያሳድር ቤት ያስፈልግ ነበር።