ለተመታ ኳስ መጸለይ

ጥቅምት 3 ቀን 2006 ዓ.ም. ዋልያዎቹ ለብራዚሉ የዓለም ዋንጫ ለማለፍ አዲስ አበባ ላይ ናይጄሪያን ገጥመው፣ ሰዓቱ ወደ 90ኛው ደቂቃ ሲጠጋ ውጤቱ 1 ለ 1 ነበር። ዳኛው ለናይጄሪያ ፍፁም ቅጣት ምት ሰጠ። ኢማኑኤል ኤሜኒኬ ኳሷን ነጥቡ ላይ አስቀመጠ፣ ተንደረደረ፣ መታ፣ አገባ። ስታዲየሙ ውስጥ ነገሩ በዚህ አለቀ። እንዲህ ያለውን ጨዋታ ዋሽንግተን ወይም ዱባይ ሆኖ በኢንተርኔት በድምፅ ለሚከታተል ሰው ግን ነገሩ ገና አላለቀም። ጋዜጠኛው ድምፁን ዝቅ አድርጎ መቺው ወደ ኳሷ እየቀረበ መሆኑን ሲናገር አድማጩ ዓይኑን ጨፍኖ በረኛው እንዲያድናት አምላኩን ይለምናል፤ እሱ በሚለምንበት ሰከንድ ግን እዚያ ሜዳ ላይ ኳሷ መረብ ውስጥ አርፋ ተጫዋቾቹ ተቃቅፈው ሊሆን ይችላል። ይህ ሰው የጸለየው ስለ ምንድን ነው? አስቀድሞ የሆነ ነገር እንዳይሆን መለመን ሞኝነት ነው ወይስ ትርጉም ያለው ጸሎት? ጥያቄው ለጨዋታ የተፈጠረ ቢመስልም ከኳሱ በላይ የቆየ የሃይማኖትና የፍልስፍና ጥያቄ ነው። የእኔ መልስ፣ ሰውየው ውጤቱን እስካላወቀ ድረስ ጸሎቱ ከሌላው ጸሎት አያንስም የሚል ነው።

መዘግየቱ ከየት እንደሚመጣ እንይ። በድሮው ሬዲዮ ድምፅ የሚጓዘው በብርሃን ፍጥነት ነው። ቢቢሲ እ.ኤ.አ. ጥር 22 ቀን 1927 አርሰናልና ሼፊልድ ዩናይትድ ሃይበሪ ላይ ያደረጉትን ጨዋታ ሲያስተላልፍ፣ የጋዜጠኛው ቃል ከማይክሮፎኑ ተነሥቶ ለንደን ቤቱ ለተቀመጠው አድማጭ የሚደርሰው በሜዳው ማዶ ለቆመው ተመልካች የኳሱ ምት ከሚሰማበት ቀድሞ ነበር፤ ተራ ድምፅ 100 ሜትር ለመሄድ የሰከንድ ሲሶ ያህል ይፈጅበታልና። በብርሃን ፍጥነት ከአዲስ አበባ ዋሽንግተን ለመድረስ የአንድ ሰከንድ ሃያኛ እጅ ይበቃል። ኢንተርኔት ላይ ግን ድምፁ በየጥቂት ሰከንዱ ይቆረጣል፣ እያንዳንዱ ቁራጭ ተጨምቆ ሰርቨር ላይ ይቀመጣል፣ የአድማጩ ስልክ ደግሞ መስመሩ ሲደክም እንዳይቋረጥበት ጥቂት ቁራጮችን አጠራቅሞ ነው ማሰማት የሚጀምረው። ይህ ሁሉ ሲደማመር 20፣ 30፣ 40 ሰከንድ ይሆናል፤ አንዳንዴም ደቂቃ ይሞላል። ፍፁም ቅጣት ምት 11 ሜትሩን የምትጨርሰው በግማሽ ሰከንድ ገደማ ነው። እንግዲህ «ቀጥታ ስርጭት» ብለን በምንጠራው ነገር ውስጥ የምንሰማው ሁሉ ያለፈ ነው፤ ያውም በጥቂት ሳይሆን አንድ ጎል ገብቶ፣ ተጨፍሮ፣ ኳስ መሐል ሜዳ ተመልሳ እንደገና እስክትጀመር በሚበቃ ጊዜ።

ጸሎቱን ከንቱ የሚሉት ሰዎች መከራከሪያ ቀላል አይደለም። የፈሰሰ ውኃ አይታፈስም ይላል አገሩ ሁሉ። አሪስቶትል ስለ ምርጫ ሲጽፍ፣ ትሮይ ተዘርፋ እንድትገኝ የሚመርጥ ሰው የለም፣ ሰው የሚመክረው ስለሚመጣው እንጂ ስላለፈው አይደለም ብሏል። ቶማስ አኩዊናስም የሆነውን እንዳልሆነ ማድረግ እርስ በርሱ የሚጣረስ ነገር ስለሆነ በእግዚአብሔር ሁሉን ቻይነት ሥር እንኳ እንደማይወድቅ አስተምሯል። ከሁሉ ይበልጥ ወደ ጉዳያችን የሚቀርቡት ግን የአይሁድ መምህራን ናቸው። እ.ኤ.አ. በ200 ገደማ የተጠናቀረው የሕግ ስብስባቸው ሚሽና፣ በረኮት በተባለው ክፍሉ ዘጠነኛ ምዕራፍ ላይ፣ ስላለፈ ነገር የሚጮህ ሰው ጸሎቱ ከንቱ ነው ይልና ሁለት ምሳሌ ያቀርባል። አንደኛው ሚስቱ ካረገዘች በኋላ ወንድ እንድትወልድ የሚለምን ሰው ነው። ሁለተኛው ከመንገድ ሲመለስ ከከተማው ጩኸት ሰምቶ የእኔ ቤት አይሁን ብሎ የሚለምን ነው። ይህ ሁለተኛው ሰው የዘመናችን አድማጭ ወንድም ነው። ጎረቤቱ ጨዋታውን በዲሽ ያያል፣ እሱ በስልኩ ይሰማል፤ ጋዜጠኛው ገና ኳሷ መሐል ሜዳ ላይ ናት እያለ ከግድግዳው ማዶ ጩኸት ይፈነዳል። የደስታ ይሁን የሐዘን በውል አይለይም። ሰውየውም «አምላኬ፣ ለእኛ ያድርገው» ይላል።

መምህራኑ ራሳቸው ግን በዚህ ብያኔ አልተስማሙም። ሚሽናን የሚያብራራው ተልሙድ የልያን ነገር እንደ ተቃውሞ ያነሣል፤ ልያ ከፀነሰች በኋላ ጸልያ ፅንሱ ሴት ሆኖ ዲና ተወለደች የሚል ትውፊት አለና። የተሰጡት መልሶች ሁለት ናቸው፤ ተአምር ለሕግ ማስረጃ አይሆንም የሚለው፣ ሌላው ደግሞ ጉዳዩ በመጀመሪያዎቹ 40 ቀናት ውስጥ ከሆነ ጸሎት ይደርሳል የሚለው። ሁለቱም መልሶች፣ በእኔ ዓይን፣ ዋናውን ነገር ይስቱታል። ያለፈውን መለወጥና ያለፈው እንዲህ ሆኖ እንዲገኝ መለመን ሁለት የተለያዩ ነገሮች ናቸው። ጎሉ መግባቱን አውቆ እንዳልገባ አድርግልኝ የሚል ሰው አኩዊናስ የገሠጸውን ነገር እየጠየቀ ነው። ያላወቀው ሰው ግን እንዲለወጥለት የሚጠይቀው የሆነ ነገር የለም። የሚለው ይህንን ነው፦ ያኔ፣ መቺው በተንደረደረበት ሰዓት፣ በረኛውን ረድተኸው ይሁን። እንግሊዛዊው ፈላስፋ ማይክል ደሜት እ.ኤ.አ. በ1964 ባሳተመው ጽሑፍ ይህንኑ ልዩነት ያወጣው፣ የሚገርመው፣ በሬዲዮ ምሳሌ ነው። አንድ አባት ከሁለት ሰዓት በፊት መርከብ መስጠሙንና ጥቂት ሰዎች መትረፋቸውን በሬዲዮ ይሰማል፤ ልጁ በመርከቡ ላይ ነበር። ልጄ ከተረፉት መካከል ይሁን ብሎ ወዲያው ይጸልያል። ይህን አባት ሞኝ ብሎ ለመጥራት ድፍረት ይጠይቃል። ይህ አባት የአርባ ሰከንዱን አድማጭ በሁለት ሰዓት ይበልጠዋል እንጂ በመሠረቱ አይለይም።

ከዚህ በኋላ ያለው ክርክር የሚያርፈው እግዚአብሔር ጊዜን እንዴት ያያል በሚለው ላይ ነው። ሮማዊው ፈላስፋ ቦኤቲዩስ እ.ኤ.አ. በ524 አካባቢ እስር ቤት ሆኖ በጻፈው መጽሐፍ፣ እግዚአብሔር ነገሮችን የሚያየው አንዱን ከሌላው በኋላ እያስከተለ አይደለም፣ ሁሉም በአንድ ዘላለማዊ አሁን ውስጥ ፊቱ ነው ብሎ ተከራክሯል። ይህ ከሆነ በኢንተርኔት ዘግይቶ የሚሰማው ሰው ጸሎትና ስታዲየም የተቀመጠው ሰው ጸሎት አምላክ ዘንድ እኩል ታውቀዋል፤ አንደኛው ቀድሞ ሌላው ዘግይቶ አልደረሰም። ደራሲው ሲ. ኤስ. ሉዊስም በ1947 እ.ኤ.አ. ባሳተመው «ተአምራት» መጽሐፉ አባሪ ላይ፣ ቀትር ላይ የሚጸለይ ጸሎት ረፋድ ላይ ለተፈጸመ ነገር ከምክንያቶቹ አንዱ ሊሆን እንደሚችል ጽፏል፤ ዓለምን ያሰናዳው አምላክ የሚመጡትን ጸሎቶች ሁሉ አስቀድሞ ያውቃቸዋልና። ይህን የማይቀበል፣ ግን ስለ ነገ መጸለይን የሚቀበል ምእመን አንድ ችግር አለበት። ነገ የሚሆነውን አምላክ ካሁኑ ያውቃል ብሎ ያምናል። የሚታወቅ ነገር ደግሞ የታወቀውን ያህል የጸና ነው። ስለ ነገ መጸለይ በዚህ ምክንያት ከንቱ ካልሆነ፣ ከአርባ ሰከንድ በፊት ስለሆነው መጸለይ ብቻውን ከንቱ የሚሆንበትን ምክንያት ማሳየት አለበት። ሰዓቱን ቆጥሮ ማሳየት አይበቃም፤ ሰዓት የሚቆጥረው እኛን ነው።

እዚህ ላይ የፍትሐትና የተዝካር ሥርዓታችንን ማስረጃ አድርጎ መጥራት ቀላል ነበር፤ ሕይወቱ ላለቀ ሰው ቤተ ክርስቲያን ትጸልያለችና። ግን አይሆንም። ለሞተው የሚጸለየው ምሕረትን እንዲያገኝ ነው፤ ምሕረቱም ገና በአምላክ እጅ ያለ ነገር ተደርጎ ይታመናል እንጂ እንደ ጎል ገብቶ ያለቀ አይደለም።

ጠንካራው ተቃውሞ ከሌላ በኩል ይመጣል። የሚመጣው ጊዜ በእውነት ክፍት ነው፣ አምላክ ራሱ ከሰው ነፃ ፈቃድ የሚወጣውን እየጠበቀ ያያል የሚሉ የሃይማኖት ሊቃውንት አሉ። በእነርሱ አመለካከት ስታዲየሙ ውስጥ ያለው ሰው የሚጸልየው ገና ላልተወሰነ ነገር ነው፤ ዱባይ ያለው ግን በሩ ከተዘጋ በኋላ የሚያንኳኳ ነው። ይህን አቋም ለያዘ ሰው እኔ የማቀርበው ምክንያት አያስረውም፤ እቀበላለሁ። ግን የዚህ አቋም ዋጋው ከባድ ነው። ምእመናን አምላክ አስቀድሞ ያውቃል ብለው ከሚያምኑት አብዛኛውን መተው ያስፈልጋል፤ አንድ የኳስ አድማጭ ሞኝ መሆኑን ለማሳየት ይህን ያህል መክፈል ደግሞ ግዢው አያዋጣም።

ደሜት ሌላ ምሳሌ አለው፣ ይህኛው ለእኛ ለአፍሪካውያን የቀረበ። በአንድ ጎሣ ውስጥ ወጣቶች አንበሳ አድነው ጀግንነታቸውን እንዲያሳዩ ይላካሉ። ሁለት ቀን ይሄዳሉ፣ ሁለት ቀን ያድናሉ፣ ሁለት ቀን ይመለሳሉ። አለቃው ጀግኖች እንዲሆኑ ስድስቱንም ቀን ይጨፍራል። አምስተኛውና ስድስተኛው ቀን ላይ አደኑ አልቋል፤ እሱ ግን አላቆመም። አለቃውን እንዲያቆም እናስረዳው ብንል የምንለው ይህ ነው፦ ወይ ጀግኖች ሆነዋል፣ ያኔ ጭፈራህ ትርፍ ነው፤ ወይ ፈሪ ሆነዋል፣ ያኔ ጭፈራህ ከንቱ ነው። ደሜት የሚያሳየው ይህ አነጋገር በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ ለንደን ላይ ቦምብ ሲዘንብ፣ ወይ እሞታለሁ ወይ አልሞትም፣ መጠለያ ምን ያደርግልኛል ይል የነበረ ሰው አነጋገር እንደሆነ ነው። ሁለተኛውን ስሕተት ብለን ከጣልነው የመጀመሪያውን የምናቆምበት እግር ያጥረናል። የጸሎቱን ዘግይቶ መድረስ የሚነቅፉ ሰዎች ሳያውቁት የሚጠቀሙት ይህንኑ የዕጣ ፈንታ ሎጂክ ነው።

በጸሎት የማያምን ሰውስ? ለእሱ ነገሩ ይበልጥ ቀላል ነው። ዋሽንግተን ተቀምጦ በስልኩ የሚሰማ ሰው ድምፁ በቅጽበት ቢደርሰውም፣ ጎል የሚያገባም የሚያድንም አይደለም። ጩኸቱ በረኛው ጆሮ አይገባም። መዘግየቱ የወሰደበት ኃይል የለም፤ መጀመሪያውኑ አልነበረውምና። የቀረው ተስፋ ብቻ ነው፣ ተስፋ ደግሞ የሚቆመው ባለማወቅ ላይ እንጂ በሰዓት ላይ አይደለም። ምርመራ ሰጥቶ ውጤት የሚጠብቅ በሽተኛ ሁሉ ስለ ሆነ ነገር ተስፋ ያደርጋል፤ ደሙ ውስጥ ያለው ካለ አለ፣ ከሌለም የለም፤ ቢሆንም ማንም ተስፋህን አቁም አይለውም።

ናይጄሪያዊውም ይጸልያል፣ ስለዚህ ሁሉም ነገር ቀልድ ነው የሚለውን ተቃውሞ ብዙ አልቆይበትም። እውነት ነው፤ ሌጎስ ላይ ያለው ደጋፊ ያንኑ አምላክ ተቃራኒውን ይለምናል። ግን ይህ ችግር ስለ ኳስ የሚጸለይ ጸሎት ሁሉ ችግር ነው፤ በቅጽበት ለሚደርሰውም በ40 ሰከንድ ዘግይቶ ለሚሰማውም እኩል ነው። ለዝናብ የሚጸልይ ገበሬና እንዳይዘንብበት የሚጸልይ ጤፉን ያጨደ ጎረቤቱም አሉ። ጸሎት የድምፅ ቆጠራ አይደለም።

የሚከብደኝ የመጨረሻው ተቃውሞ ነው። ባለማወቅ ላይ ካቆምኸው፣ ይሉኛል፣ ማቆሚያው የት ነው? የጨዋታውን ቅጂ በማግሥቱ የሚሰማ፣ ውጤቱን ግን ያልሰማ ሰውስ? ጥር 13 ቀን 1954 ዓ.ም. አዲስ አበባ ላይ ኢትዮጵያ ግብፅን 4 ለ 2 አሸንፋ የአፍሪካ ዋንጫን የወሰደችበትን ጨዋታ ዛሬ የሚሰማ፣ ማን እንዳሸነፈ ጨርሶ የማያውቅ ልጅስ? መደበኛው 90 ደቂቃ 2 ለ 2 አልቆ ጭማሪው ሰዓት ሲጀመር ቢጸልይ ጸሎት ነው ትላለህ? እላለሁ። በእውነት ካላወቀና በእውነት ከፈለገ ይህን ልጅ ከመርከቡ አባት የምለይበት ምክንያት የለኝም። የምለየው ሌላ ሰው አለ። የቴሌግራም መልእክቱን ሆን ብሎ ያጠፋ፣ የጎረቤቱን ጩኸት ላለመስማት ጆሮው ላይ ኢርፎን የሰካ፣ ውጤቱ በአንድ ጣት ንክኪ እንደሚገኝ እያወቀ አልነካም ያለ ሰው። ይህ ሰው ጨዋታውን በወጉ ለመከተል ብሎ ካደረገው ጥፋት የለበትም፤ እኔም አልነቅፈውም። እየጸለየ ነው ለማለት ግን ያስቸግራል። የመርከቡ አባት ስልክ ቢደወልለት ዘሎ ያነሣዋል፤ የሚለምነው ልጁን ነው፣ ክፉውን ዜና እንኳ ለመስማት ተዘጋጅቷል። ስልኩን የማያነሣው አድማጭ የሚፈልገው ልቡ ተንጠልጥሎ እንዲቆይለት ነው፤ ለዚያ ደግሞ መጸለይ አያስፈልገውም፣ ስርጭቱ ራሱ አዘግይቶ ይሰጠዋል።