«ነጠፈች» ባዮች

ቅዳሜ ማለዳ በአሸተን ማርያም ቁልቁለት ወደ ላሊበላ ገበያ ከሚወርዱት መካከል ልጇን በአንቀልባ ያዘለች እናት አትጠፋም። ከ3,000 ሜትር በላይ ካለው ደጋ ገብሷን ተሸክማ ወርዳ፣ ሸጣ፣ ከሰዓት ያንኑ አቀበት መልሳ ትወጣለች። ማታ ሕፃኑ ሲነጫነጭባት ከምድጃው ዳር አንዱ አፉን ይከፍትና «ምን ወተት አላት፤ ነጥፋለች» ይላል። አማትም ሁኑ ባል፣ አክስትም ሁኑ ጎረቤት፣ ይህን ያላችሁ ሁሉ ስሙ።

መንጠፍ የላም ነው። ላሚቱን እንኳ ነጠፈች ከማለታችሁ በፊት ጥጃው ጠብቷል ወይ፣ ድርቆሽ በልታለች ወይ፣ ውኃ ጠጥታለች ወይ ትላላችሁ። ለሴቲቱ ይህን ያህል እንኳ አልጠየቃችሁም። የላሟን እንገር ለጥጃው ትታችሁ የተረፈውን አፍልታችሁ በላችሁ፤ የአራሷን ቢጫ እንገር ግን ቆሻሻ ነው ብላችሁ አሳለባችሁና ደፋችሁት። በምትኩ ለአንድ ቀን ልጅ ቅቤ አስዋጣችሁ፤ አንዳንዱም ማር አላሰ። ማር ዓመት ላልሞላው ልጅ አደገኛ ነው። የዚህ አገር ንጉሥ ላሊበላ ሲወለድ ንብ ከበበውና ስሙ «ማር ይበላል» ተባለ ይላሉ። ንቦቹ ግን ከበቡት እንጂ አላጎረሱትም።

ጡት ቀድተው የሚጨርሱት ጋን አይደለም። ሕፃኑ በጠባው ልክ ይሠራል፤ ካልተጠባ ይቀንሳል። አዲስ የተወለደ ልጅ በሌትና በቀን ከ8 እስከ 12 ጊዜ ይጠባል። ማታ ማታ ጡት አልለቅ ይላል፤ ልቅሶውም በ6ኛው ሳምንት ገደማ ይበረታና ኋላ ይበርዳል። የዕድሜው ጠባይ ነው። ጡቷ ከጥቂት ሳምንት በኋላ ቢለሰልስ ደግሞ ከልጁ ጋር ተስማማ እንጂ ባዶ ሆነ ማለት አይደለም። እናንተ ግን አለቀሰ ብላችሁ የላም ወተቱን፣ አብሹን፣ የጡጦ ዱቄቱን ትግታላችሁ። ልጁ ጠግቦ ይተኛል፤ ያልተጠባው ጡት ይቀንሳል፤ ያን ጊዜ «አላልንም?» ትላላችሁ። ያደረቃችሁትም እናንተ፣ ነቢያቱም እናንተ!

የባሰም አለ። «እንጥሉ ወርዶ ነው የማይጠባው» ተብሎ ቆራጭ ይጠራል፣ ምላጭ ከሕፃን ጉሮሮ ይገባል። ደሙ፣ ቁስሉ፣ ማመርቀዙ ይቅርና፣ በተቆረጠ ጉሮሮ ማን ይጠባል? ይህን «ባህላችን ነው» የሚለኝን ሰው አንድ ጊዜ እንኳ የገዛ ጉሮሮውን ሰጥቶ ያውቃል ወይ ብዬ እጠይቀዋለሁ።

ወተቱ በእርግጥ የሚያንስበት ጊዜ የለም አልልም። የሚታወቀው ግን በልቅሶ አይደለም። ከመጀመሪያው ሳምንት በኋላ ልጁ በቀን 6 ጊዜና ከዚያ በላይ ከሸና፣ ክብደቱም ከጨመረ፣ ይበቃዋል። ሽንቱ ካነሰ፣ ከከሳ፣ ለመጥባት እስኪሰንፍ ከደከመ፣ ሳትውሉ ሳታድሩ ጤና ጣቢያ ውሰዱትና ይመዘን፤ አያያዟንና አጠባቡንም ባለሙያ ይይላት። ብዙ ጊዜ ጥፋቱ የወተቱ ሳይሆን ጡቱን በደንብ ያልያዘው አፍ ነው። የገብሱን ቁና የምትለኩ ሰዎች የልጁን ሽንት መቁጠር እንዴት አቃታችሁ?

«እንግዲያ ወተት ካላት ምን ቸገረን» የምትሉም አላችሁ። የተራበች እናት ወተት ቶሎ አይቋረጥም፤ ከገዛ ሥጋዋ እየተቆረሰ ይወጣል። የላሊበላ አገር ላስታ በክፉ ቀን ልጆቿን ያሳደገችው እንዲህ ነው፤ ዕዳውን የከፈለችው ግን እናቲቱ ናት። ለደመወዝተኛዋ የ2011 ዓ.ም. የአሠሪና ሠራተኛ አዋጅ ከወሊድ በኋላ የ90 የሥራ ቀን ፈቃድ ሰጥቷታል። ለገበሬ ሚስት እንዲህ ያለ አዋጅ የለም፤ ፈቃዷ ያለው በእናንተ እጅ ነው። ገንፎውና አጥሚቱ ግን ክርስትናው ሲያልፍ አብሮ ያልፋል፣ እንስራው ጀርባዋ ላይ ይመለሳል።

ነገ ውኃ የሚቀዳው ማን ነው?