ፊልሙ የማን ነው?

አንድ ፊልም ተጀምሮ እስኪያልቅ የብዙ ሰው እጅ ያልፍበታል። በከበርቴው ታላላቅ ስቱዲዮዎች የሥራ ክፍፍሉ እጅግ የጠበቀ በመሆኑ፣ መብራት የሚያበራው ካሜራ አይነካም፤ ካሜራ የያዘውም ድርሰቱን አያርምም። ተመልካቹ ግን በመጨረሻ የሚያስታውሰው ሁለት ወይም ሦስት ስም ነው። ታዲያ የቀረው ጉልበት የማን ሆኖ ይቀራል?

ጥያቄው ከስቱዲዮ ውጭ በነጻ ወደሚሠራው ፊልም ሲመጣ ይበልጥ ይወሳሰባል። እዚያ አንዱ ሰው ደራሲም፣ ካሜራ አንሺም፣ አቀናባሪም ነው። እ.ኤ.አ. በ1944 በሚሲሲፒ ተወልዶ በሎስ አንጀለስ ጥቁሮች ሰፈር በዋትስ ያደገው ቻርልስ በርኔት ለዚህ ምስክር ነው። የካሊፎርኒያ ዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሳለ «ኪለር ኦቭ ሺፕ» የተባለውን የአንድ ቄራ ሠራተኛ ታሪክ ራሱ ጽፎ፣ ራሱ ቀርጾ፣ ራሱ አቀናበረ። ከተዋንያኑ ብዙዎቹ የሰፈሩ ሰዎች፣ የሥራው ቀንም በአመዛኙ ቅዳሜና እሑድ ነበር። ወጪው 10,000 ዶላር አልሞላም።

ይህን ሁለገብነት ማሞገስ ቀላል ነው። ዳሩ ግን አምስት ሙያ የሚማረው አምስት ሰው መቅጠር ያልቻለ ነው። ችግርን ጥበብ ብሎ መጥራት ብዝበዛን በአበባ መሸፈን ይሆናል።

ሆኖም የበርኔት ሙያ ለራሱ ብቻ አልዋለም። ከጎንደር ሄዶ በዚያው ዩኒቨርሲቲ ይማር ለነበረው ለኃይሌ ገሪማ፣ በ1975 የተሠራውን «ቡሽ ማማ» ከሮድሪክ ያንግ ጋር ቀርጾለታል። የሎስ አንጀለስ ፖሊሶች የፊልሙን ሠራተኞች መንገድ ላይ አስቁመው ሲፈትሹ የተነሣው እውነተኛ ምስል የፊልሙ መክፈቻ ሆኗል። ተመልካቹ ያንን ሲያይ ኃይሌን ያነሣል፤ በዚያች ሰዓት ሌንሱን ያላዘመመው እጅ ግን ለብዙው ሰው ስም የለውም። በ1984 የወጣውን የቢሊ ውድቤሪን ፊልም ደግሞ የጻፈውም የቀረጸውም በርኔት ነው። ፊልሙ የሚጠራው በአዘጋጁ በውድቤሪ ነው፤ መጠራቱም አግባብ ነው። ገበሬ በወንፈል የጎረቤቱን ማሳ ሲያርስ እህሉን አይጠይቅም፤ የሚጠብቀው ተራው ሲደርስ ጉልበቱ እንዲመለስለት ነው። መመላለሱ ከቀረ ግን ያው የባላባትና የጭሰኛ ነገር ይሆናል።

የእጅ ሙያ ብቻውን የማይፈታው ቋጠሮም አለ። «ኪለር ኦቭ ሺፕ» በ1977 ቢጠናቀቅም፣ በ1981 በርሊን ላይ የሐያስያን ሽልማት ቢያገኝም፣ በ1990 በአሜሪካ ብሔራዊ የፊልም መዝገብ ቢሰፍርም፣ በውስጡ ለሚሰሙት ዘፈኖች የባለመብትነት ክፍያ ስላልተከፈለ በመደበኛ ሲኒማ ቤቶች ለመታየት እስከ 2007 መጠበቅ ነበረበት። ሁሉን በእጁ የሠራው ሰው ሕዝብ ዘንድ መድረሻው በር ላይ ሲቆም ቁልፉ በሌላ እጅ ነበር። በርኔት በ2017 የክብር ኦስካር ተሸልሟል። ከጣራ ጣራ ሲዘሉ የተቀረጹት የዋትስ ሕፃናት ግን፣ ፊልማቸው ሲኒማ ቤት በገባበት ዓመት ጎልማሶች ሆነው ነበር።