የተረሳ ነዶ ወይስ የጠፋ በሬ

በኦሪት ዘዳግም ሁለት ሕጎች ተቀራርበው ይገኛሉ። አንደኛው በ22ኛው ምዕራፍ ያለው ነው፤ የወንድሙን በሬ ጠፍቶ ያገኘ ሰው አይቶ እንዳላየ ሆኖ ሊያልፍ እንዳይገባው፥ ባለቤቱም ሩቅ ወይም የማይታወቅ ቢሆን ወደ ቤቱ ወስዶ እስኪፈለግ ድረስ እንዲጠብቀው፥ በተፈለገም ጊዜ እንዲመልሰው ያዝዛል። ሁለተኛው በ24ኛው ምዕራፍ ያለው ነው፤ አጫጅ በእርሻው ረስቶት የሄደውን ነዶ ሊወስድ እንዳይመለስ ይከለክላል፤ ያ ነዶ ለመጻተኛ፥ ለድኻ አደግና ለመበለት ሆኗልና። እንግዲህ የፊተኛው ሕግ ባለቤትነት ባለቤቱ በመራቁ እንደማይጠፋ ያስተምራል፤ የኋለኛው ደግሞ የተተወ ነገር ወደሚያስፈልገው ሰው እንደሚያልፍ ያስተምራል። ከፍኖተ ሰላም እስከ ቡሬ ባለው አገር የሚኖር ገበሬ ሁለቱን ለመለየት አይቸገርም። በሬ በመልኩና በቀንዱ ይታወቃል (ቡሬ ራሱ የበሬ መልክ ስም መሆኑን ልብ ይሏል)፤ ከአጨዳ በኋላ በማሳው ላይ የቀረው እህል ግን ቃርሚያ ነውና የቃረመው ይበላዋል።

ዳሩ ግን በዚህ ዘመን በሬም ነዶም ያልሆነ ንብረት ተነሥቷል። ይኸውም ብዙ ሰዎች ከየአገራቸው በኢንተርኔት ተገናኝተው በአንድነት የሚጫወቱት የቪዲዮ ጨዋታ ነው። የአሠራሩ ነገር ማኅሌት ለቆመ ሰው በቀላሉ ይገባዋል። መዘምራን በቀኝና በግራ ተከፍለው፥ አንደኛው ወገን ሲመራ ሁለተኛው እንደሚቀበል፥ የዚህም ጨዋታ ግማሹ በተጫዋቹ መሣሪያ፥ ግማሹ ደግሞ ሰርቨር በሚባለው በኩባንያው መሣሪያ ተቀምጧል። ተጫዋቹ አንድ ነገር ባደረገ ቍጥር የእርሱ ወገን ይመራል፤ የኩባንያው ወገን ይቀበላል። ኩባንያው ገቢው ሲያንስበት ወይም አዲስ ጨዋታ ሲያወጣ ሰርቨሩን ይዘጋል። የዚያን ጊዜ በተጫዋቹ ቤት ያለው ግማሽ ሳይሰበር ሳይጐድል ይቀመጣል፤ ነገር ግን ቢመራ የሚቀበለው የለምና ዝም ይላል።

በ2015 ዓ.ም. ክረምት በአማራ ክልል የሞባይል ኢንተርኔት ተቋርጦ ለብዙ ወራት በቈየ ጊዜ፥ የምዕራብ ጎጃም ከተሞች ይህን ነገር በሥራ አዩት። ከሩቅ ሰርቨር ጋራ የሚነጋገር ጨዋታ ሁሉ በአንድ ቀን ዲዳ ሆነ፤ በዲስክ ወይም በስልክ ውስጥ ሙሉ ሆኖ የተቀመጠው ግን መብራት እስካለ ድረስ አይከለከልም ነበር። በዚያ ጊዜ የተዘጋው መንገዱ ብቻ ስለ ነበረ፥ መንገዱ ሲከፈት ጨዋታውም ተመልሷል። ሠሪው ራሱ ሲዘጋው ግን ይከፈታል ተብሎ የሚጠበቅ መንገድ የለም።

ስለዚህ በልዩ ልዩ አገር ያሉ ወጣቶች የተዘጋውን ጨዋታ አንሥተው፥ የጐደለውን ግማሽ በእጃቸው ጽፈው፥ ከዚያም አልፈው መልኩን፥ ደንቡንና ታሪኩን እየለወጡ ይጫወቱበታል። ይህን መለወጥ ሞዲንግ ይሉታል። ጥያቄው እንግዲህ እንዲህ ነው፤ ይህን የሚያደርግ ሰው ቃራሚ ነውን፥ ወይስ የሰው በሬ ጠምዶ የሚያርስ?

ነገሩ በእውነተኛ ታሪክ ቢመረመር ይሻላል። ሲቲ ኦቭ ሂሮስ፥ ማለት የጀግኖች ከተማ፥ የተባለው ጨዋታ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር በ2004 በአሜሪካ ወጣ (ከዚህ በታች ያሉትም ዓመታት በዚሁ አቈጣጠር ናቸው)። ባለመብቱ ኤንሲሶፍት የተባለው የኮሪያ ኩባንያ በኖቬምበር 30 ቀን 2012 ዘጋው። ተጫዋቾቹ ፊርማ ሰብስበው ለመኑ፤ አልተሰማላቸውም። በኋላ ግን የሰርቨሩ ጽሑፍ በጥቂት ሰዎች እጅ ገባና፥ እነርሱ ለራሳቸውና ለወዳጆቻቸው ብቻ በስውር ከፍተው ለዓመታት ሲጫወቱበት ኖሩ። በ2019 ምስጢሩ በወጣ ጊዜ ከሌሎቹ ተጫዋቾች ታላቅ ቍጣ ተነሣ። ይህ ቍጣ ሊስተዋል ይገባዋል። የተቈጡት የኩባንያው ንብረት ስለ ተወሰደ አልነበረም፤ ጠፋ ብለው ሲያዝኑ የኖሩለት ነገር በጎረቤታቸው ጓዳ ስለ ነበረ ነው። ቍጣቸውም ፍርድ የሌለው አይደለም። በሬውን ደብቆ ያቈየ ሰው ለባለቤቱ አልጠበቀውም፤ ለድኻም አልሰጠውም፤ ከሁለቱ ሕጎች በአንዱ እንኳ ሊቆም አይችልም። ከዚያ በኋላ ጽሑፉ ለሁሉ ተገለጠና ልዩ ልዩ ማኅበሮች በግልጽ ሰርቨር ከፈቱ። ከእነዚህ አንዱ፥ ሆምካሚንግ የተባለው፥ ተጫዋቾች በፈቃዳቸው በሚያዋጡት ገንዘብ እየተዳደረ ከኩባንያው ጋራ መነጋገሩን አልተወም፤ በጃንዋሪ 2024ም ፈቃድ ተሰጠው። ከተዘጋ ከ11 ዓመት በኋላ በሬው በባለቤቱ ፈቃድ በጠባቂዎቹ በረት ቀረ ማለት ነው። መጨረሻው ማማሩ ግን መጀመሪያውን ንጹሕ አያደርገውም። ስታር ዋርስ ጋላክሲስ የተባለውን፥ በ2011 የተዘጋውን ጨዋታ ለማቈየት የተነሡት በጎ ፈቃደኞች የሠሪውን ጽሑፍ ሳይወስዱ ሰርቨሩን በራሳቸው ድካም እንደ ገና መጻፍን መረጡ፤ ይህ መንገድ ረጅም ነው፥ ነገር ግን የሚያሳፍር የለበትም።

ገንዘብ የከፈለበት ሰው ነገር ደግሞ ሌላ ነው። ዩቢሶፍት የተባለው የፈረንሳይ ኩባንያ ዘ ክሩ የተባለውን የመኪና እሽቅድምድም ጨዋታ በ2014 ሸጦ በማርች 31 ቀን 2024 ሰርቨሩን ሲዘጋ፥ ብቻውን ለመጫወት የገዛው ሰው እንኳ የገዛውን ሊከፍት አልቻለም። ከዚህ የተነሣ ስቶፕ ኪሊንግ ጌምስ የተባለ እንቅስቃሴ ተጀምሮ በአውሮፓ ኅብረት አገሮች ከ1 ሚሊዮን በላይ ፊርማ ተሰብስቧል። በካሊፎርኒያም ከ2025 ጀምሮ የጸና ሕግ፥ ሻጭ የሚሸጠው የመጠቀም ፈቃድ ብቻ መሆኑን ለገዢው በግልጽ እንዲነግር ያስገድዳል። ሕጉ ሻጩን እውነት ያናግረዋል እንጂ ዕቃውን ለገዢው አያቈይለትም።

ማንሣቱ እንዲህ ከተፈቀደ፥ ጀማሪ በምን ይጀምራል? በጎጃም የቅኔ ጉባኤ፥ በዋሸራም ይሁን በጎንጅ፥ ተማሪ ከመወድስ አይጀምርም። አስቀድሞ የመምህሩን ቅኔ ሰምቶ ሰሙን ከወርቁ ለይቶ መፍታትን ይማራል፤ ራሱ ሲቈጥርም በሁለት ቤት በጉባኤ ቃና ይጀምራል። የጨዋታም ነገር እንዲሁ ነው። ጀማሪው ምንም ያልተነካ አንድ ሙሉ ቅጅ ለይቶ ያስቀምጣል፤ የሚሠራው በሁለተኛው ቅጅ ላይ ነው። ከዚያ በኋላ ፋይሎቹን እየከፈተ ሥዕሉ፥ ድምፁ፥ ጽሑፉና የቍጥሩ ሰንጠረዥ የት የት እንደ ተቀመጠ ይመረምራል። መጀመሪያ የሚለውጠው አንዲት ቃል ወይም አንድ ቀለም ብቻ ነው፤ ለውጦም ጨዋታውን ከፍቶ ያያል። ጨዋታው ቢወድቅ ስሕተቱ በዚያች በአንዲቱ ቃል ነውና ፈልጎ ያገኛታል። ዐሥር ነገር በአንድ ጊዜ የለወጠ ግን የትኛው እንደ ሰበረው ሳያውቅ ሲዳክር ይውላል፤ አብዛኛው ጀማሪ ሥራውን የሚተወውም እዚህ ላይ ነው።

የሰርቨሩ ሥራ ከዚህ እጅግ ይከብዳል። ሰርቨሩ ገና ሳይዘጋ ሁለቱ ወገኖች የሚለዋወጡትን ቃል ቀድቶ ማስቀረት ይቻላል፤ ከተዘጋ በኋላ ግን የሚሰማው የተጫዋቹ ወገን ጥያቄ ብቻ ነው፥ መልሱም ከጥያቄው እየተገመተ ሊጻፍ ይገባል። ድጓ ያወቀ ሰው መሪው ካነሣው ቃል ተነሥቶ ተቀባዩ የሚለውን ያውቃል፤ ድጓ ያላወቀ ግን ቀኝ ጌታውን ብቻ እየሰማ የግራ ጌታውን ዜማ ልጻፍ ቢል ስንት ዓመት ይፈጅበታል? የብዙ ሰዎችን ትዕግሥት የሚበላው ይህ ነው። ስለዚህ የሚወዱትን ጨዋታ ሊያቈዩ የሚያስቡ ሰዎች ሥራቸውን የሚጀምሩት ከመዘጋቱ በፊት ነው።

ለውጥን በሚመለከት የብራና መጻሕፍት ሁለት ዓይነት እጅ ያሳያሉ። በብዙ መጽሐፍ የቀድሞው ባለቤት ወይም አጻፊ ስም ተፍቆ በስፍራው የኋለኛው ስም ተጽፎ ይገኛል፤ የመጀመሪያው ሰው በገንዘቡ ያጻፈው ጸሎት ለሌላ ሰው የሚለመንበት ሆኗል። በሌላ መጽሐፍ ደግሞ ጸሐፊው የዘለለውን መስመር በኅዳግ ጽፎ፥ የሚገባበትን ቦታ በምልክት አሳይቶ ይገኛል። ሁለቱም መጽሐፉን ለውጠዋል፤ ነገር ግን የኋለኛው የለወጠውን አልሸሸገም። ትጉህ የሆነ ለዋጭ ጨዋታውን እንዳለ ገልብጦ በስሙ አያድልም፤ የለወጠውን ብቻ ለይቶ፥ ምን እንደ ለወጠና ሥራው የማን እንደ ነበረ ጽፎ ያወጣል፥ ተቀባዩም ዋናውን ራሱ የያዘ ሰው ይሆናል።

ነገሩ ጨዋታ ነው፥ ለካህናትና ለሊቃውንት ምን ይገዳቸዋል የሚል ይኖራል። ወጣት በጨዋታ ጊዜውን ማባከኑ እውነት ነው፤ እርሱ ራሱን የቻለ ነገር ነውና እዚህ አይፈታም። ዳሩ ግን ዛሬ የቅዳሴውና የዜማው ትምህርት፥ የሊቃውንቱም ጉባኤ በድምፅ ተቀድቶ በሩቅ አገር ኩባንያዎች ሰርቨር ላይ ተቀምጧል። የሞተው መምህር ድምፅ ያለበትን ያንን ዕቃ ቤት የሚዘጋው ሰው ከመዝጋቱ በፊት ማንንም ሊጠይቅ አይገደድም። ቅጅውን በገዳሙ ወይም በደብሩ ዕቃ ቤት ያላስቀመጠ ሰው የዘ ክሩን ገዢ ሊታዘበው አይችልም።

አንድ ነገር ግን ሳይፈታ ይቀራል። ክለብ ፔንጊን የተባለውን የልጆች ጨዋታ ዲዝኒ በ2017 ዘጋው፤ ሌሎች ሰዎች ጽፈው የከፈቱት ምሳሌው፥ ክለብ ፔንጊን ሪሪተን የተባለው፥ ብዙ ልጆችን ሰብስቦ ነበር፤ በ2022 ግን የባለመብትነት ክስ ተነሥቶበት የለንደን ከተማ ፖሊስ ገባበትና ተዘጋ። ባለቤቱ መብቱን መጠየቁ እንደ ሕግ ነው። ነገር ግን የኦሪት ሕግ የሚናገረው በሬውን ወደ ቤቱ ሊወስድ ስለሚመጣ ባለቤት ነው፤ ባለበት ሊያርደው ብቻ ስለሚመጣ ባለቤት አልተናገረም። በዚህ ላይ ሊቃውንተ ሕግ ገና አልተስማሙም፤ እስኪስማሙም ድረስ ሥራውን የሚጀምር ሰው ገንዘብ ሳይሰበስብ፥ የሌሎችን ተጫዋቾች የምስጢር ቃል ሳይነካ፥ አስቀድሞ ለባለመብቱ ደብዳቤ ይጽፋል። መልስ ቢዘገይም ወይም ባይመጣም፥ የደብዳቤው ቅጅ ቀኑ ተጽፎበት ካልተነካው ቅጅ ጋራ ይቀመጣል።